የሰው ጂኖም ያለቀው በ2003 ነው በ2022? ማፒንግ እና ሲኩዌንሲንግስ ልዩነታቸው ምንድነው?

ጥያቄው ባጭሩ ይሄ ነው፦ አንድ የሁለተኛ ደረጃ የባዮሎጂ መምህር "የሰው ልጅ ጂኖም፣ ማለትም ሙሉ ዲኤንኤው፣ በ2003 ተነቦ አልቋል" ብለው ሲያስተምሩ አንድ ተማሪ እጁን አውጥቶ "ቲቸር እኔ ያነበብኩት ግን በ2022 ነው ያለቀው ይላል" አላቸው። እሳቸውም የትኛው ነው ልክ፣ ደግሞስ መጽሐፉ ሁሌ አንድ ላይ የሚጠራቸው ጂን ማፒንግ እና ሲኩዌንሲንግ የሚለያዩት ምን ላይ ነው ብለው ጠይቀዋል።

መምህር ጤና ይስጥልኝ። ሁለታችሁም አልተሳሳታችሁም፣ ግን ተማሪዎ ወደ እውነቱ ይበልጥ ቀርቧል፣ እንደዚህ የሚጠይቅ ልጅ ያለበት ክፍል ማስተማር መታደል ስለሆነ ረዘም አድርጌ ልመልስልዎት። እኔ ስራዬ ዲኤንኤ ማንበብ ነው፣ ቀኑን ሙሉ ከሲኩዌንሲንግ ማሽን እና ከኮምፒውተር ጋር ነው የምውለው። ዓመተ ምህረቶቹን በሙሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው።

ከማፒንግ ልጀምር፣ በዕድሜ ታላቅየው እሱ ነው። ሲኩዌንሲንግ የሚባል ነገር ከመምጣቱ 60 ምናምን ዓመት በፊት የጂን ማፕ ነበር፣ እንደውም ጂን ከዲኤንኤ መሰራቱ ራሱ ሳይታወቅ ማለት ነው። እንዴት ሆኖ? ገመድ ያስቡ፣ ገመዱ ላይ ሁለት ቋጠሮ አለ። አይንዎን ጨፍነው አንድ ቦታ ላይ በመቀስ ቢቆርጡት ቋጠሮዎቹ ተጠጋግተው ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ አብረው ነው የሚቀሩት፣ ተራርቀው ከሆነ ግን መቀሱ መሀላቸው የመግባት እድሉ ይጨምራል። ጂኖች የተደረደሩበት ክሮሞዞምም የዘር ሴል ሲሰራ ከጥንዱ ጋር ቁራጭ ይለዋወጣል፣ ክሮሲንግ ኦቨር ብለው የሚያስተምሩት እሱ ነው። ስለዚ ሁለት ባህርያት ከወላጅ ወደ ልጅ ስንት ጊዜ አብረው ስንት ጊዜ ተለያይተው እንደሄዱ ቁጭ ብለው ከቆጠሩ፣ ዲኤንኤውን በአይንዎ ሳያዩት ጂኖቹ ምን ያህል እንደሚራራቁና ማን ከማን ቀጥሎ እንደተደረደረ ያውቃሉ ማለት ነው።

ይሄን ያሰበው ደግሞ ፕሮፌሰር አይደለም፣ አልፍሬድ ስተርትቫንት የሚባል ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ የቶማስ ሀንት ሞርጋን ላብ ውስጥ የነበረ ገና የመጀመሪያ ዲግሪ ተማሪ ነው። የፍራፍሬ ዝንብ መረጃውን ወደ ቤቱ ይዞ ሄዶ የቤት ስራውን ትቶ ሌሊቱን እሱ ላይ ሲሰራ አደረና በዓለም የመጀመሪያውን የጂን ማፕ ሰራ፣ በ1913 ታተመ፣ የዝንቡ ኤክስ ክሮሞዞም ላይ ያሉ 6 ባህርያት ነበሩበት። ለተማሪዎችዎ ይሄን ይንገሯቸው፣ እኔ 12ኛ ክፍል ሆኜ ቢነገረኝ ኖሮ ደስ ይለኝ ነበር። ርቀቱ እስከዛሬ በሞርጋን ስም ሴንቲሞርጋን ነው የሚባለው፣ በሰው ላይ 1 ሴንቲሞርጋን በአማካይ ወደ 1 ሚሊዮን ፊደል ይሆናል፣ ፊደል የምለው ዲኤንኤ የተጻፈባቸውን ኤ፣ ሲ፣ ጂ እና ቲ ነው። እንግዲህ ማፕ ማለት ቅደም ተከተልና ርቀት ነው፣ ፊደሉ ውስጡ የለም። የመገናኛ ታክሲ ረዳት "ሾላ፣ እንግሊዝ ኤምባሲ፣ ቀበና፣ አራት ኪሎ" እያለ ሲጠራ ማን ከማን ቀጥሎ እንዳለ ጠንቅቆ ያውቃል፣ ቀበና እያንዳንዱ ቤት ውስጥ ማን እንደሚኖር ግን አያውቅም፣ ያን ለማወቅ ቤት ለቤት መሄድ ነው፣ ሲኩዌንሲንግ ቤት ለቤቱ ነው።

ማፕ ብቻውን ምን ይሰራል ለሚል ሰው ሁሌ የማነሳው የሀንቲንግተን በሽታን ነው፣ አንጎልን ቀስ በቀስ የሚጎዳ በዘር የሚተላለፍ በሽታ ነው። ከወላጅ አንዱ ካለበት ልጁ የመውረስ እድሉ ግማሽ በግማሽ ነው፣ ክፋቱ ደግሞ ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው ሰው 30ና 40 ዓመት ከሞላው በኋላ ስለሆነ ያኔ ሰውየው ወልዶ ጨርሷል። ናንሲ ዌክስለር እናቷ በዚሁ በሽታ የሞቱባት ሳይንቲስት ናት። ቬንዙዌላ ማራካይቦ ሀይቅ ዳር በሽታው ከትውልድ ትውልድ የሚተላለፍበት በጣም ሰፊ ቤተሰብ ነበር፣ እሷና ጓደኞቿ ዓመት በዓመት እየሄዱ የዘር ሀረጉን በሺዎች በሚቆጠሩ ሰዎች ዘርግተው ጻፉ፣ ደም ወሰዱ። በ1983 የጄምስ ጉሴላ ቡድን ያን ደም ይዞ ክሮሞዞም 4 ጫፍ አካባቢ ያለ አንድ ምልክት፣ ማለትም ከሰው ሰው የሚለያይ የዲኤንኤ ቦታ፣ ከበሽታው ጋር አብሮ እንደሚወረስ አገኘ፣ ልክ እንደ ሁለቱ ቋጠሮ። ማፒንግ ማለት ይሄ ነው፣ "ሰፈሩ እዚህ ነው" አሉ፣ ጂኑ ግን ገና አልታወቀም። ከዛ ሰፈር ተነስተው ቤቱን ለማግኘት 10 ዓመት ፈጀባቸው፣ 1993 ላይ ነው ጂኑ የተገኘው። ያኔ የተነበበ ጂኖም ስለሌለ እያንዳንዷን ጎዳና ራሳቸው እየጠረጉ ነው የሄዱት። ዛሬ ቢሆን ሰፈሩ ከታወቀ እዛ ያሉትን ጂኖች ዝርዝር ኮምፒውተር ላይ ከፍቶ ማየት ነው።

ጂኑ ሲገኝ ደግሞ ምን ተገኘበት መሰልዎት፣ ሲ ኤ ጂ የሚሉ ሶስት ፊደላት ተደጋግመው ተጽፈዋል፣ ሲኤጂ ሲኤጂ ሲኤጂ እያለ ይቀጥላል። ሁላችንም ላይ ይሄ ድግግሞሽ አለ፣ ከ27 በታች ሲሆን ችግር የለውም፣ 40 እና ከዛ በላይ ከሆነ ግን ሰውየው ዕድሜ ከሰጠው በሽታው አይቀርለትም። ፊደሉ አንድ ነው፣ ልዩነቱ ስንት ጊዜ የሚለው ቁጥር ብቻ ነው! ይሄን ነገር ይያዙልኝ፣ 2003 እና 2022 የሚለያዩትም በዚሁ ነው።

አሁን ወደ ሲኩዌንሲንግ። ፍሬድሪክ ሳንገር በ1977 ባወጣው ዘዴ ዲኤንኤው በኢንዛይም እየተገለበጠ እያለ መሀል መሀል ላይ መገልበጡን ቀጥ የሚያደርግ የተለወጠ ፊደል ይጨመርበታል፣ እያንዳንዱ ግልባጭ የተለያየ ቦታ ላይ ይቆማል፣ ከዛ በርዝመት ተሰልፈው የመጨረሻ ፊደላቸው ሲታይ ጽሁፉ ይነበባል። በጣም ትክክለኛ ዘዴ ነው ግን አንዴ የሚያነበው ከ500 እስከ 800 ፊደል ቢሆን ነው። የሰው ጂኖም 3 ቢሊዮን ፊደል ነው። ስለዚ ያለው አማራጭ መቆራረጥ፣ ቁርጥራጩን ማንበብ፣ ከዛ የአንዱ ጫፍ ከሌላው ጫፍ ጋር የሚገጥመውን እየፈለጉ መልሶ መቀጠል ነው። በ1990 የተጀመረው የመንግስታቱ ፕሮጀክት፣ ሂውማን ጂኖም ፕሮጀክት የሚባለው፣ መጀመሪያ ማፕ ይሰራ ብሎ ነው የተነሳው፣ ጂኖሙን 150 ሺ ፊደል ገደማ ወደሆነ ትልልቅ ቁራጭ ቆራርጦ፣ ቁራጩን ባክቴሪያ ውስጥ አስቀምጦ፣ የትኛው ቁራጭ ክሮሞዞሙ ላይ የት እንደሚውል በማፕ ካወቀ በኋላ እያንዳንዱን ለብቻው ማንበብ። መጽሐፍዎ ሁለቱን አንድ ላይ የሚጠራቸው ለዚህ ነው፣ በዛ ፕሮጀክት ማፑ ለሲኩዌንሱ መሰረት ነበር። ክሬግ ቬንተር ደግሞ በ1998 ሴሌራ የሚባል ኩባንያ ይዞ መጣና ማፕ ምናምን ጊዜ ማባከን ነው፣ ሁሉንም አንዴ ፈጭተን እናንብበውና ኮምፒውተር ይገጣጥመው አለ። ያ እሽቅድምድም ነው በጁን 2000 ዋይት ሀውስ ውስጥ ክሊንተን ባሉበት አብረው "ረቂቁ ደርሷል" ወደማለት ያመጣቸው። የመንግስቱን በኩል የገጣጠመው ፕሮግራም ሳንታ ክሩዝ ዩኒቨርሲቲ ጂም ኬንት የሚባል የድህረ ምረቃ ተማሪ አንድ ወር ገደማ ሌት ተቀን የጻፈው ኮድ ነው፣ ሌሊት ሌሊት እጁን በረዶ ላይ እያሳረፈ።

ከዛ ኤፕሪል 2003 ላይ "አልቋል" ተባለ። ያለቀው ግን በጊዜው በነበረው መሳሪያ ሊነበብ የሚችለው ነው፣ እና ሳይንቲስቶቹ ይሄን አልደበቁም፣ በ2004 ባወጡት ጽሁፍ ላይ 341 ክፍተት እንዳለ በግልጽ አስቀምጠዋል። የደበቀው ዜናው ነው፣ ከዜናው ደግሞ መማሪያ መጽሐፉ ወሰደ። በድምሩ የቀረው ከጂኖሙ 8 በመቶ ያህል ነው።

ለምን ቀረ? እዚህ ጋ ትንሽ ልቆይ።

ቤተክርስቲያን ቆመው "እግዚኦ መሐረነ ክርስቶስ" 41 ጊዜ ሲባል በጣትዎ ወይ በመቁጠሪያ ይቆጥራሉ አይደል፣ ሙስሊም ተማሪዎችዎ ደግሞ ከሶላት በኋላ ሱብሃነላህ 33 ጊዜ ብለው በተስቢህ ይቆጥሩታል። አሁን ያን ጸሎት 41ዱንም ጊዜ አንድ በአንድ ወረቀት ላይ ይጻፉትና ብዙ ኮፒ አድርገው ሁሉንም ሁለት ሁለት ሶስት ሶስት ቃል አድርገው ይቅደዱት። ለሌላ ሰው ቁርጥራጩን ስጡትና መልሰህ ግጠም በሉት። "እግዚኦ መሐረነ" የሚል፣ "መሐረነ ክርስቶስ" የሚል፣ "ክርስቶስ እግዚኦ" የሚል ክምር ነው የሚያገኘው። ቃሉን አነበበው፣ አንድም ፊደል አልጠፋበትም፣ ግን 41 ይሁን 12 ይሁን 200 ይሁን ሊያውቅ አይችልም፣ እያንዳንዷ ብጣሽ ከሁሉም ጋር ትገጥማለችና። ከጸሎቱ በፊትና በኋላ ያለውን ጽሁፍ ይገጥመዋል፣ መሀሉን ክፍት ይተወዋል።

ጂኖሙም ልክ እንደዛ ነው የሆነው። ክሮሞዞሙ ወገብ ላይ ሴንትሮሜር የሚባለው፣ ሴል ሲከፋፈል ክሮች የሚይዙት ቦታ፣ 171 ፊደል ገደማ የሆነ ቃል በሺዎች ጊዜ እየተደጋገመ ሚሊዮኖች ፊደል ድረስ የሚሄድ ነው። የክሮሞዞም 13፣ 14፣ 15፣ 21 እና 22 አጭሩ ክንድም እንዲሁ ድግግሞሽ የሞላበት ነው። 700 ፊደል በሚያነብ ማሽን ይሄ አይነካም፣ ከሳንገር በኋላ የመጡት ርካሽ ማሽኖች ደግሞ እንደውም 150 ፊደል አካባቢ ነው የሚያነቡት፣ ዋጋውን በጣም አወረዱት ለዚህ ችግር ግን ጭራሽ አልረዱም። ብዙ ሰው ያኔ "እሱ ቆሻሻ ዲኤንኤ ነው ይቅር" ይል ነበር፣ እኔ ይሄን አባባል አልወደውም፣ ሴል ሲከፋፈል ክሮሞዞም በትክክል የሚካፈልበትን ቦታ ቆሻሻ ማለት አይገባኝም፣ ሀንቲንግተን ደግሞ ድግግሞሽ ሰው እንደሚገድል በ1993 አስተምሮናል።

መፍትሄው ረጅም ብጣሽ ነው። ወረቀቱ ሲቀደድ አንዱ ቁራጭ ከጸሎቱ በፊት ካለው አረፍተ ነገር ጀምሮ 41ዱንም አልፎ በኋላ ያለው አረፍተ ነገር ድረስ ሳይቋረጥ ከመጣ፣ በቃ መቁጠር ነው። ሁለት አይነት ማሽን ይሄን አመጣ። ፓክባዮ 15 ሺ፣ 20 ሺ ፊደል በጣም በትክክል ያነባል፣ ናኖፖር ደግሞ ዲኤንኤውን በአንድ ደቃቅ ቀዳዳ እያሾለከ የኤሌክትሪክ ፍሰቱ ሲቀያየር ከዛ ፊደሉን ያወጣል፣ ስህተቱ ከፍ ይላል ግን መቶ ሺ እና ከዛ በላይ ፊደል ሳይቋረጥ ይነግርዎታል።

ረጅም ዲኤንኤ በእጅ ሲያዝ ምን እንደሚመስል ልንገርዎት። ከደም አውጥተን አልኮል ስንጨምርበት እንደ ፈትል ነጭ ሆኖ ይወጣል፣ መልሰን ስናሟሟው ደግሞ ልክ የተልባ ልጋግ ነው፣ ፈሳሽ የምንስብበትን ፒፔት ከቲዩቡ ሲያነሱት ከቲፑ ጫፍ እስከ ቲዩቡ ድረስ ተንጠልጥሎ ይለጠጣል። የቲፑ ጫፍ ጠባብ ስለሆነ ዲኤንኤውን ይበጥሰዋል፣ ስለዚ ጫፉን በመቀስ ቆርጠን ሰፊ እናደርገዋለን፣ ከዛ ትንፋሽ ይዞ ቀስ ብሎ መሳብ፣ ቀስ ብሎ መልቀቅ። አንዴ አብሮኝ የሚሰራ ልጅ ከልምድ ቲዩቡን ቮርቴክስ የሚባለው መናጫ ማሽን ላይ አድርጎ ናጠው፣ ሶስት ሰከንድ አይሞላም፣ ማሽኑ ላይ ስንጭነው ሁሉም ንባብ አጭር አጭር ሆኖ መጣ፣ የሁለት ቀን ስራ ነበር። ሁለተኛ ስንሰራው ስክሪኑ ላይ 100 ሺ ያለፈ ንባብ ሲመጣ ሁላችንም ወንበራችንን ትተን ተነሳን። ዛሬም ድረስ እንደዛ አይነት ንባብ ሲመጣ ስራዬን አቁሜ አየዋለሁ።

ካረን ሚጋ እና አዳም ፊሊፒ የመሩት ከጫፍ እስከ ጫፍ የሚባለው ቡድን በነዚህ ማሽኖች መጀመሪያ በ2020 ኤክስ ክሮሞዞምን ጨረሰ፣ ከዛ በ2022 ሙሉውን 3.055 ቢሊዮን ፊደል ያለ ምንም ክፍተት አወጣ፣ 200 ሚሊዮን የሚጠጋ ፊደል አዲስ ነው። ሌላም ብልሃት ነበራቸው። እኔና እርስዎ ከአባትና ከእናት የወሰድነው ሁለት ቅጂ አለን፣ ሁለቱ ደግሞ ይመሳሰላሉ ግን አንድ አይደሉም፣ ገጣሚው ኮምፒውተር ይደናገራል። ስለዚ ሀኪሞች ሞላር ፕሬግናንሲ ከሚሉት ያልተስተካከለ እርግዝና የተገኘ ሴል ተጠቀሙ፣ የእናት ዲኤንኤ የሌለበት፣ የአባትየው ብቻ ተባዝቶ ሁለት የሆነበት፣ ስለዚ ሁለቱም ቅጂ አንድ ነው። ያ ሴል ዋይ ክሮሞዞም ስላልነበረው ዋይ ለብቻው ቀርቶ በ2023 ነው የተጨረሰው፣ ከ62 ሚሊዮን ፊደሉ ግማሽ ያህሉ ከዛ በፊት ያልታወቀ ነበር። ስለዚ ተማሪዎ "2022" ሲልዎት እርስዎ ደግሞ "ዋይስ?" ብለው ሊጠይቁት ይችላሉ።

ማፒንግ የሚለው ቃል ሌላም ትርጉም ስላለው እሱን ሳልነግርዎት አልለፍ፣ ተማሪ ኢንተርኔት ላይ ሲያነብ ያደናግረዋል። የኛ ሰዎች ላብ ውስጥ "ማፕ አደረግኩት" ሲሉ አብዛኛውን ጊዜ አጫጭር ንባቦችን አስቀድሞ የተሰራ ጂኖም ላይ እየፈለጉ ቦታ ቦታቸው ማስቀመጥ ማለታቸው ነው። ጥሩ ምሳሌው ከኛው አገር ነው። ጋሞ ደጋ ውስጥ ሞታ ዋሻ በ2012 ተቆፍሮ 4,500 ዓመት ገደማ ያስቆጠረ የአንድ ሰው አጽም ወጣ፣ በጋሞኛ በኩር እንደማለት ባይራ ተባለ። ከጆሮው ውስጥ ካለው ጠጣር አጥንት ዲኤንኤ ተገኝቶ በ2015 ታተመ፣ ከአፍሪካ የጥንት ሰው ጂኖም ሲነበብ የመጀመሪያው ነው፣ ዛሬ ካሉት ህዝቦች በጣም የሚቀርበውም ለአሪ ነው። ያን ያህል ዘመን የቆየ ዲኤንኤ ብጥስጥሱ ስለሚወጣ ከዜሮ መገጣጠም አይቻልም፣ ማጣቀሻ ጂኖም ላይ ማፕ ማድረግ ብቻ ነው ያለው። እና ተመራማሪዎቹ መጀመሪያ ላይ ከአውሮፓና እስያ የተመለሰ ዘር መላው አፍሪካ ውስጥ ገብቷል ብለው ነበር፣ በ2016 ራሳቸው አረሙት። ምክንያቱ የአንዱን ሶፍትዌር ውጤት ለሌላው የሚያስማማ አንድ ትንሽ ስክሪፕት፣ ማለትም አጭር ፕሮግራም፣ አለመሮጡ ነው፣ ባይራ ከማጣቀሻው ጋር አንድ የሆነባቸው ቦታዎች እንደጠፋ መረጃ ተቆጥረው ወደቁ። የምስራቅ አፍሪካው ግኝት እንዳለ ጸና፣ ምዕራብና መካከለኛው አፍሪካ ድረስ ገብቷል የተባለው ግን ቀረ። ስህተታቸውን ፈጥነው በግልጽ ስላረሙ አከብራቸዋለሁ፣ እኔም ከዛ በኋላ ፋይል ስቀይር ሁለቴ ነው የማየው።

ጤፍም ላይ የመገጣጠሙ ጣጣ አለ። የጤፍ ጂኖም ከሁለት የተለያዩ ቅድመ አያቶች የመጣ እጥፍ ጂኖም ስለሆነ ሁሉም ነገር ሁለት ሁለት፣ በጣም የሚመሳሰል ነው። በ2014 ስዊዘርላንድ በርን ዩኒቨርሲቲ ካለው የዶክተር ዘሪሁን ታደለ ቡድን ጸደይ የሚባለው ዝርያ የመጀመሪያ ረቂቅ ወጣ፣ ብጥስጥስ ነበር፣ በ2020 ደግሞ ዳቢ የሚባለው ዝርያ በረጅም ንባብ ተነቦ 20ው ክሮሞዞም ድረስ ተደረደረ። እዚህ ጋ ማፑና ሲኩዌንሱ መልሰው ይገናኛሉ፣ እየጋሸበ መሬት ላይ የሚተኛውንና ቆሞ የሚቀረውን ጤፍ አዳቅለው ልጆቹ ላይ ባህርዩ ከየትኛው ምልክት ጋር እንደሚሄድ ይቆጥራሉ፣ ስተርትቫንት ያን ሌሊት እንዳደረገው፣ ከዛ ሰፈሩ ሲታወቅ የተነበበውን ጂኖም ከፍተው እዛ ሰፈር ውስጥ የትኞቹ ጂኖች እንዳሉ ያያሉ።

ለክፍልዎ የሚሆን ነገር ልስጥዎትና ላብቃ። አንድ ወረቀት ላይ አንድ አረፍተ ነገር ይጻፉ፣ ቀጥሎ "አበበ በሶ በላ" የሚለውን 14 ጊዜ ሳያቋርጡ፣ ከዛ ሌላ አረፍተ ነገር። ስድስት ኮፒ ያድርጉ። ሶስቱን በየሁለት ሶስት ቃሉ ይቁረጡ፣ ሌላውን ሶስት ግን አንድ መስመር እንዲሆን ቀጥለው ቢያንስ አንዱ ብጣሽ ከመጀመሪያው አረፍተ ነገር እስከ መጨረሻው እንዲደርስ አድርገው ይቁረጡ፣ እያንዳንዱ ኮፒ የተቆረጠበት ቦታ መለያየት አለበት አለዚያ ጫፍና ጫፉ አይገጥምም። ክፍሉን ለሁለት ከፍለው አጫጭሩን ለአንዱ ረጃጅሙን ለሌላው ይስጡና አበበ ስንት ጊዜ በላ ብለው ይጠይቁ። አጭሩን የያዙት መጨቃጨቅ ሲጀምሩ ያን ተማሪዎን ሰሌዳው ጋ አውጡትና የቀረውን እሱ ያስረዳ።